ዘቅዝቆ የለበሰው ነጠላ

ሰው የማይናገርበት ፊልም አልወድም። አንድ ሰው በመስኮት ሲያይ፣ ሲቀመጥ፣ ሲነሣ፣ ደግሞ ተመልሶ በመስኮት ሲያይ ለማየት ቤቴን ጥዬ የምወጣ ሴት አይደለሁም። ያን እሑድ የወጣሁት ልጄ ስለለመነችኝ ነው። አንዳንድ ቀን «ምነው ባልወጣሁ» እላለሁ፤ አንዳንድ ቀን ደግሞ «እንኳንም ወጣሁ» እላለሁ። እንደ ቀኑ ነው።

ልጄ ኮሌጅ ከገባች ገና የመጀመሪያ ዓመቷ ነበር። ከቤተ ክርስቲያን ወጥተን ነጠላዬን እንኳ ሳልቀይር «ማሚ፣ ሰርፕራይዝ አለኝ፣ ዳውንታውን እንሂድ» አለችኝ። እኔ ደግሞ ሰርፕራይዝ የሚባል ነገር አልወድም፤ በዕድሜዬ ሳልጠብቀው ከመጣ ነገር ደግ ነገር አላየሁም። መኪና ውስጥ ገብተን ጥቂት እንደሄድን እሷው አላስችል አላትና አወጣችው። ከአውሮፓ የመጡ አጫጭር ፊልሞች የሚታዩበት ዝግጅት አለ። አስተማሪያቸው አይታችሁ ጻፉ ብሏቸዋል። የዝግጅቱን ወረቀት ስታገላብጥ የአጎቷን ፎቶ አየችው። የወንድሜን።

«አጎቴ እኮ ነው ሊድ አክተሩ! ላይክ፣ ፊልሙ በሙሉ እሱ ነው፣ ማሚ!»

«ለአባትሽ ነግረሽዋል?»

«ኖ፣ እሱንም ሰርፕራይዝ ላደርገው ነው።»

ነግራው ቢሆን ኖሮ እሱ ያስቀረን ነበር። ይህን ግን ያኔ አላውቅም።

ወንድሜ በሦስት ዓመት ያንሰኛል። በሰሜን አውሮፓ፣ ዝናብ በማያባራበት አንድ የወደብ ከተማ መጋዘን ውስጥ ዕቃ ይጭናል። ስለ ፊልሙ አንድ ጊዜ በስልክ ነግሮኝ ነበር። ልብስ ማጠቢያ ቤት ተቀምጦ ልብሱ እስኪደርቅ ሲጠብቅ አንዲት ወጣት መጥታ «ፊትህን ለፊልም እፈልገዋለሁ» አለችው። ከወራት በኋላ «ታዲያ ምን ሠራህ?» ብዬ ስጠይቀው «ምንም። ተቀመጥ አሉኝ፣ ተቀመጥኩ» አለኝ። የት ይታያል ስለው «ተዪው፣ ማንም አያየውም» ብሎ ወሬ ቀየረ። እኔም አልተጫንኩትም። መቀመጥ ከልጅነቱም ይችልበታል። ውሃ የምቀዳው እኔ፣ የምላላከው እኔ፣ እማዬ «ልጄን አታድክሙብኝ» የምትለው ደግሞ ስለ እሱ ነበር። ቂም እንዳለብኝ ከአሁኑ ይታወቅልኝ።

ከእማዬ ጋር ደግሞ በዚያ ጊዜ ተኳርፈን ነበር። ከተኳረፍን ዓመት አልፎናል።

ነገሩ እንዲህ ነው። ባለፈው ዓመት በጥቅምት እዚህ አሜሪካ የልብ ቀዶ ጥገና ነበረብኝ። ለእማዬ አልነገርኩም። ደሴ ተቀምጣ ስትንሰቀሰቅ፣ ስለት ስትሳል፣ እንቅልፍ ስታጣ ታየኝና ለአክስቴ ብቻ በምስጢር ነገርኳት። አክስቴ የእማዬ ታናሽ ናት፤ አብረው ነው የሚኖሩት። አክስቴ ምስጢር ይዛ አታውቅም። ሆስፒታል ልተኛ አንድ ሳምንት ሲቀረኝ እማዬ ራሷ ደወለች።

«ልብሽን ሊከፍቱት ነው አሉ። ለባዳው ሁሉ አውርተሽ ለእኔ ትደብቂኛለሽ? እኔ ምንሽ ነኝ?»

«ለአንቺ ብዬ ነው!» ብዬ ጮኽኩባት። «እንዳትደነግጪ ብዬ ነው! መቼ ነው የሚገባሽ?»

«ለእኔ ብለሽማ አይደለም፤ ለራስሽ ብለሽ ነው። ለቅሶዬን ላለመስማት ነው» አለችኝ።

ስልኩን ጆሮዋ ላይ ዘጋሁት። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ይባላል፤ እኔ የወጣው ብቻ ሳይሆን መመለሻውንም ነው የዘጋሁት።

ከሆስፒታል ከወጣሁ በኋላ ቁስሌ ጠገግ ሲል ደወልኩ። ያነሣችው አክስቴ ናት። «ጸበል ገብታለች፣ እዚያ ኔትወርክ የለም» አለችኝ። በሌላ ሳምንት «ተኝታለች»። በሌላው «ጆሮዋ ደክሟል፣ ስልክ አይሰማላትም»። በመጨረሻ አንድ ቀን ብጨቀጭቃት «እውነቱን ልንገርሽ? አልበረደላትም። ከእሷ ጋር አልነጋገርም ብላለች» አለችኝ። እኔም የእናቴ ልጅ ነኝ። «ካልበረደላት ተዪያት፣ ስትፈልግ ትደውል» አልኩ። ለፋሲካ ግን መንገደኛ አግኝቼ ጫማ ላክሁላት፤ ለስላሳ፣ ያበጠ እግር የማይቆነጥጥ ጫማ። አፍ አውጥቼ ይቅርታ ማለት ስላቃተኝ ጫማው እንዲልልኝ ነው። አክስቴ «ልኳ ነው፣ ወዳዋለች» አለችኝ። «ታዲያ በረደላት?» አልኳት። «ገና ነው» አለችኝ። በጣም ተናደድኩ። ጫማዬን አድርጋ እኔን ማኩረፍ!

ሄጄ እግሯ ላይ እንዳልወድቅ ደግሞ ባለቤቴ ትኬቱን ያራዝመዋል። ሐኪሙ ይፍቀድ፣ የልጅቷ ምርቃት ይለፍ፣ ክረምቱ ይውጣ፣ ለገና አብረን እንሄዳለን። እኔም እሺ እላለሁ። በልቤ ግን ለገና ሄጄ እንደምታረቃት ቆርጬ ነበር።

እንግዲህ ይህን ሁሉ ይዤ ነው ዳውንታውን የገባሁት። መኪና ማቆሚያ ፍለጋ ሦስት ጊዜ ዞርን። አንድ ያገራችን ጎልማሳ ከማቆሚያው ዳስ ብቅ ብሎ «እህቴ፣ እዚህ ጋ ፓርክ አድርጊው፣ ማንም አይነካብሽም» ባይለኝ ኖሮ ወደ ሰፈሬ ወደ ታከር ተመልሼ ነበር። አዳራሹ ትንሽ ነው፤ ተጣጣፊ ወንበር ተደርድሯል፤ አርባ የማይሞላ ሰው። ሁሉም ጥቁር ለብሷል፤ ሐዘን አይደለም፣ ፋሽናቸው ነው። በነጭ ነጠላ የተቀመጥኩት እኔ ብቻ ነኝ።

ፊልሙ ተጀመረ። ጉም ነው። ወደብ፣ የመርከብ ጡሩምባ፣ ጉም። ከዚያ ወንድሜ ከጉሙ ውስጥ ወጣ። ልጄ ክንዴን ቆነጠጠችኝ። አላወቅኩትም ለማለት ትንሽ ቀርቶኝ ነበር፤ ፂሙ አድጓል፣ ዓይኑ ገብቷል። ደረጃ ወጣ፣ አንዲት ጠባብ ክፍል ገባ። አልጋ አለ። ፍራሹን ከአልጋው ላይ ጎትቶ መሬት ላይ አነጠፈው። ወንበር አለ። ወንበሩን ትቶ ፍራሹ ላይ ቁጭ አለ። አንዲት ጎረቤቱ በበሩ ሽንቁር ታየዋለች። ይነጋል፣ ይመሻል። እሱ እዚያው ነው። ጎረቤቲቱ ድስት አምጥታ ደጁ ላይ አስቀምጣ ትሄዳለች። እሱ ድስቱን ያስገባል፣ አይበላም።

ከኋላዬ አንዱ በሹክሹክታ ለባልደረባው «ለምን አልጋው ላይ አይተኛም?» ይላል።

ከዚያ ከሻንጣው ነጠላ አወጣ። እማዬ የፈተለችለት ነው፤ ጥለቱን አውቀዋለሁ፣ ለእኔም ያንኑ ሰጥታኛለች፣ በዚያች ሰዓት ትከሻዬ ላይ ነበር። ወንድሜ ነጠላውን ዘቅዝቆ ለበሰው። ጥለቱን ወደ አንገቱ አዙሮ፣ በሁለት እጁ ደረቱ ላይ ሰብስቦ፣ መስኮቱ አጠገብ ቆመ። ካሜራው ፊቱ ላይ ቆየ። አለቀሰ። ድምፅ የለውም። ጉሙ መስኮቱን ሸፈነው፣ ፊልሙ አለቀ።

አዳራሹ አጨበጨበ።

ነጠላ የዘቀዘቀ ሰው ሐዘንተኛ ነው። ይህን እኛ ዘንድ የአምስት ዓመት ሕፃን ያውቀዋል። መሬት ላይ የተቀመጠ፣ ፂሙን ያልተላጨ፣ ደጁ ላይ የጎረቤት ድስት የቆመለት ሰው ቤቱ ሰው ሞቶበታል። አባታችን ከሞተ ሃያ ዓመት ሆኖታል። ታዲያ ይህ ሰው ለማን ነው የተቀመጠው? ለፊልም! ለጭብጨባ! እናቱ ደሴ በሕይወት ቁጭ ብላ እያለች፣ እሷ በፈተለችው ነጠላ ያሟርትባታል! ሌላም ሐሳብ መጥቶብኝ ነበር፤ አባረርኩት። ከዚያ ሐሳብ ቁጣው ይሻለኝ ነበር።

መብራት በራ። የፊልሙ ዳይሬክተር መጣች፤ ፀጉሯን አጭር የተቆረጠች፣ ትልቅ ሹራብ የዋጣት ቀጭን ልጅ። ሰዉ ተራ በተራ እጅ እያወጣ ስለ ወንድሜ ይገምታል። ሻርፕ የጠመጠመ አንድ ሽማግሌ «ሰውዬው ራሱ ሙት ነው፣ የምናየው መንፈሱን ነው» አለ። አንዷ «ሰው ገድሎ የተደበቀ ነው» አለች። ሌላው ስደት፣ ምልክት፣ ዝምታ እያለ ረጅም ንግግር አደረገ። ወንድሜን እንደ ዕንቆቅልሽ ይቀባበሉታል። ዳይሬክተሯ ፈገግ እያለች «ማን እንደሆነ እኔም ባልናገር ይሻላል» ትላለች።

ተነሣሁ። ልጄ «ማሚ፣ ፕሊዝ» ብላ ነጠላዬን ጎተተችኝ። አልተቀመጥኩም። በዚህ በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ ጮክ ብዬ ተናገርኩ።

«እኔ እህቱ ነኝ። በእኛ አገር እንዲህ የሚለብስ ሰው እናት አባቱ የሞቱበት ነው። የዚህ ሰው እናት ግን አልሞተችም። በሕይወት አለች። ሰውዬው ውሸታም ነው፤ አንቺንም አታሎሻል!»

ከፊት ያሉት ዞረው አዩኝ። አንዳንዱ የዝግጅቱ አካል መስሎት ፈገግ አለ። ዳይሬክተሯ ግን ፊቷ ተለወጠ። ማይክራፎኑን ወንበር ላይ አስቀምጣ በሰዉ መካከል እየተሹለከለከች ወደ እኔ መጣች።

«ምናልባት እኔ ተሳስቼ ይሆናል» አለች፤ ዓይኗ ግን ወደ ልጄ ይሸሻል።

«እሱ ምንድን ነው ያለሽ?» አልኳት። «ንገሪኝ።»

ልጄ በእንግሊዝኛ አንድ ነገር ጠየቀቻት፤ ያኔ ተናገረች። ፊልሙን የቀረጹት ባለፈው ዓመት በኅዳር ነው። የመጀመሪያው ሐሳብ ሌላ ነበር። በሁለተኛው ሳምንት ወንድሜ ሳይተኛ መጣ፤ እናቴ ሞተች አላቸው። ቀረጻውን እናቁም ቢሉት እንቢ አለ። በዚህ ከተማ ለቅሶ የሚቀመጥበት ሰው እንደሌለው፣ እህቱ አሜሪካ ታማ ስለተኛች እንደማይነገራት፣ ወደ እሷም መደወል እንደማይችል ነገራቸው። እዚሁ ልቀመጥ አላቸው። እነሱም ፊልማቸውን ትተው እሱን ቀረጹት። ሐዘንተኛ እንደማያበስል ሲነግራቸው ጎረቤት ሆና ድስቱን ያመጣችው እሷው ራሷ ናት።

«ዓመት ስላለፈ እስካሁን ያወቅሽ መስሎኝ ነበር» አለችኝ። እጄን ልትይዝ ፈለገች። አልሰጠኋትም።

መርዶ በማለዳ ነው የሚነገረው። ሽማግሌ ይመጣል፣ ዘመድ ይከባል፣ የሚደግፍ ክንድ ይዘጋጃል። እኔን አንዲት የማላውቃት ፈረንጅ በጠራራ ፀሐይ፣ ፈንዲሻ በያዘ ሰው መካከል አረዳችኝ። ለዚያውም ራሴ ተነሥቼ፣ ጮኼ፣ ወንድሜን ውሸታም ብዬ ሰድቤ፣ መርዶዬን ለምኜ ነው የወሰድኩት።

መኪናውን ልጄ ነዳች። እያለቀሰች «አይ ስዌር አላወቅኩም ማሚ፣ አላወቅኩም» ትላለች። እንዳላወቀች አምናታለሁ፤ ልጅ ምስጢር አይጠብቅም ብለው ነው ያልነገሯት። ለባለቤቴ ደወልኩ። ኮሌጅ ፓርክ በሚባለው ሰፈር፣ ኤርፖርቱ አጠገብ፣ በመኪናው የሚጭነውን ተሳፋሪ እየጠበቀ ነበር።

«ፊልሙን አየሁት» አልኩት።

የምን ፊልም አላለኝም። «መኪናውን ማን ነው የሚነዳው?» አለኝ።

ልቤን የሰነጠቁኝ ሐኪሞች እንደዚያች ጥያቄ አላሳመሙኝም። ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ! አሥራ ሦስት ወር አንድ አልጋ ላይ አብሮኝ ተኝቷል። ትኬት እያለ፣ ሐኪም እያለ፣ ምርቃት እያለ። ስልኩን ዘጋሁበት።

ቤት ስንደርስ መንገዱ ግራና ቀኝ በመኪና ተሞልቷል። ባለቤቴ ደውሎላቸው ነው፤ የዕድሩ ወንበሮች ጋራዡ ውስጥ ተደርድረዋል። በግማሽ ሰዓት! እኔ ስታመም ሾርባ ይዞ ለመምጣት ሳምንት የፈጀበት ሰው ሁሉ ነጠላውን ዘቅዝቆ በግማሽ ሰዓት ደረሰ። በር ላይ የዕድራችን ሊቀ መንበር ቆመዋል፤ በዕድሜ አባቴ የሚሆኑ፣ ሰው የሚያከብራቸው ሽማግሌ ናቸው። ከኋላቸው አብራኝ ሆቴል የምትሠራው ጓደኛዬ አለች። ዓመት ሙሉ አብረን ምሳ በልተናል። «እናቴ አኩርፋኛለች» ስላት «እናት አምርራ አትጠላም፣ ተዪያት» እያለች ስታጽናናኝ የነበረች ሴት ናት። እጇን ዘርግታ እየጮኸች መጣች።

«እጅሽን አንሺልኝ!» አልኳት። «እንዳትነኪኝ።»

ጩኸቷ አፏ ውስጥ ቀረ።

«መርዶዬን ፈረንጅ ነግራኛለች» አልኩ ለሁሉም። «እናንተ ደግሞ ምን ልትነግሩኝ መጣችሁ? የላክሁትን ጫማ ማን ነው ያደረገው? እስቲ ይህን ንገሩኝ! የእናቴን ጫማ ማን ነው ያደረገው?»

ሰዎቹ መሬት መሬት ያያሉ። የዕድሩ ሊቀ መንበር ቀስ ብለው ቀረቡ።

«አይዞሽ ልጄ። ጥፋቱ የኛ ነው። መጀመሪያ ቁስልሽ ይዳን አልን፣ ከዚያ ገናው ይለፍ፣ ጾሙ ይለፍ፣ የልጅቷ ደስታ ይለፍ እያልን ሳናስበው ቀኑ ሄደ። ለአንቺ ብለን ነው ልጄ። ልብሽ እንዳይጎዳ፣ ለአንቺ ብለን ነው።»

«እርስዎም!» ብዬ ላዋርዳቸው አፌን ከፈትኩ። በሕይወቴ ሽማግሌ ላይ አፌን ከፍቼ አላውቅም፤ ያን ቀን ግን የማልለው ነገር አልነበረም። ቃሉ ግን አልወጣልኝም። «ለአንቺ ብዬ ነው» ያልኩት እኔ ነኝ። ለእማዬ የተናገርኩት የመጨረሻ ቃል ነው። ይህን አባባል ከእኔ ወስደው ነው የመለሱልኝ። እዚያው በር ላይ፣ ኮንክሪቱ ላይ ቁጭ አልኩ። ሴቶቹ ከበቡኝ፣ ነጠላዬን ከትከሻዬ አንሥተው ጥለቱን ወደ ላይ አዞሩልኝ። ተውኳቸው። ይቅር ብያቸው አይደለም።

አሥራ ሦስት ወር ሙሉ የሞተች እናቴን አኩርፌ ነበር። እንዲህ ያለ ነገር የደረሰበት ሰው ካለ ቢነግረኝ ደስ ይለኛል።

ወንድሜ ደወለ። ልጄ ድምፁን ከፍ አድርጋ ስልኩን ጆሮዬ ላይ ያዘችልኝ። «እህቴ» አለና አቃተው። እኔም ልሰድበው ያዘጋጀሁት ብዙ ነበር። የእናታችንን ለቅሶ ለካሜራ ሰጥተህ ለእኔ ነፈግከኝ ልለው ነበር። ባዕድ ድስት አምጥቶ ሲያስተዛዝንህ እኔ እዚህ ሳቅ ሳቅ ስል ከረምኩ ልለው ነበር። ይህን ሁሉ በኋላ፣ በሌላ ቀን አልኩት። ያን ቀን ግን የሚቆረቁረኝ ሌላ ነው።

«አንድ ነገር ብቻ ንገረኝ» አልኩት። «እማዬ ታርቃኝ ነው የሞተችው?»

ዝም አለ። ያ ሰዉ ሁሉ ያጨበጨበለት ዝምታው ነው። ሲተነፍስ እሰማዋለሁ፤ ከጀርባው ዝናቡ መስኮቱን ይመታል።

«ታርቃሽ ነበር» አለኝ። «ወዲያው ነው የበረደላት። በመጨረሻዋ ቀን ስምሽን ጠርታለች። ልቧን ደህና አድርገው ሠሩላት ወይ ብላ ጠይቃለች። በሞቴ፣ ታርቃሽ ነው የሞተችው።»

ሴቶቹ ይህን ሲሰሙ እልል የማለት ያህል አለቀሱ። እኔ አላለቀስኩም። እሱ ያኔ ደሴ አልነበረም፤ ባሕር ማዶ ነበር።

«ማን ነገረህ?» አልኩት።

«አክስታችን» አለኝ።